አሸንዳ ስናጸዳ የምንሠራቸው ስህተቶች

አሸንዳ ማጽዳት በራሱ ከባድ ሥራ አይደለም። ሰው የሚጎዳው መሰላሉ ላይ ነው፤ ስለዚህ ከእሱ እንጀምር።

መሰላሉን አሸንዳው ላይ ማስደገፍ። አሸንዳ ውሃ እንዲሸከም እንጂ ሰው እንዲሸከም አልተሠራም። ስስ ቆርቆሮ ወይም ፕላስቲክ ስለሆነ ክብደት ሲያርፍበት ይጣመማል፣ መሰላሉም ወደ ጎን ይንሸራተታል። ግድግዳው ላይ አስደግፉት። ግድግዳውን የሚነካው 4 ሜትር ከፍታ ላይ ከሆነ እግሩ ከግድግዳው 1 ሜትር ይራቅ፤ በጣም ከቀረበ ከነሰዉ ወደ ኋላ ይገለበጣል፣ በጣም ከራቀ ደግሞ እግሩ ይሸሻል። መሬቱ ወጣ ገባ ከሆነ ከፍ ያለውን በኩል ቆፈር አድርጉት እንጂ ከስሩ ድንጋይ አትደርድሩ።

"ትንሽ ናት የቀረችኝ" ብሎ መንጠራራት። ለእኔ ከሁሉም የከፋው ይሄ ነው። እምብርታችሁ ከመሰላሉ ሁለት ቋሚዎች መሀል ከወጣ ሚዛናችሁ አብሮ ወጥቷል ማለት ነው፣ ስለዚህ ውረዱና መሰላሉን አንቀሳቅሱት፤ አዎ፣ ያሰለቻል። ላይኛዎቹ 3 መርገጫዎች ላይም አትቁሙ።

ቀና ብሎ ሽቦ አለማየት። ወደ ቤት የሚገባው የመብራት መስመር ብዙ ጊዜ የሚያልፈው እዚያው ጣሪያው ጠርዝ አካባቢ ነው። የብረት መሰላል ይዛችሁ አትጠጉት። የእንጨትም ቢሆን ከረጠበ ኤሌክትሪክ ያስተላልፋል።

በባዶ እጅ መዛቅ። የቆርቆሮ ጠርዝ ምላጭ ነው፤ ወፍራም ጓንት አድርጉ። የደረቀ የወፍ ኩስ ካለ አቧራው ለሳንባ አይበጅም፣ በውሃ አርከፍክፉበትና ማስክ አድርጉ።

ከሁሉ በፊት ውሃ መልቀቅ። ይሄ እንኳ አይጥልም፣ ግን ሥራውን እጥፍ ያደርገዋል። ቅጠሉና ጭቃው ተገፍቶ መውረጃ ቱቦው ውስጥ ይገባል፣ ከቱቦው መታጠፊያ ላይ ይወተፋል፣ ከዚያ በኋላ ቱቦውን ከመፍታት ሌላ መላ ላይኖር ይችላል። መጀመሪያ የቱቦውን አፍ በጨርቅ ድፈኑና ዝቃጩን በትንሽ አካፋ ባልዲ ውስጥ ዛቁት። ባልዲውን በእጅ አትያዙት፣ መሰላሉ ላይ በመንጠቆ ይንጠልጠል፤ እስከ አፉም አትሙሉት፣ የረጠበ ጭቃ 10 ሊትሩ ከ10 ኪሎ በላይ ይመዝናል። ሲያልቅ በጎማ ቀስ አድርጋችሁ እጠቡ።

ውሃው ከታች አልወጣ ካለ ግን ቱቦውን ከመፍታታችሁ በፊት ጨርቁን ማውጣታችሁን አረጋግጡ።