ከልጅ ቦርሳ ቢላ ሲወጣ፦ ለንደን ውስጥ ልጅ ለሚያሳድጉ

ፍራሽ ሲነሣ፣ የትምህርት ቤት ቦርሳ ሲራገፍ ወይም ጃኬት ወደ ማጠቢያ ማሽን ሲገባ ቢላ ይወጣል። ብዙ ጊዜ ደግሞ ከራሳችሁ ወጥ ቤት የጠፋው ነው። እንግሊዝ ውስጥ በስለት ሰው ሲገደል በብዛት የሚገኘው መሣሪያ ተራው የወጥ ቤት ቢላ ነው፤ ፖሊስ ፎቶውን የሚለጥፈው ባለ ጥርስ ጎራዴ ከዚያ በኋላ ይመጣል። ስለዚህ ሥራው ከመሳቢያው ይጀምራል።

ስንት ቢላ እንዳላችሁ ዛሬ ቁጠሩ። አብዛኛው የሐበሻ ቤት ቁጥሩን አያውቀውም። ለበዓል ሥጋ የተገዛው፣ ከጎረቤት በውሰት መጥቶ የቀረው፣ ለክትፎ ብቻ የሚወጣው ሁሉ ተደባልቆ ስለሚቀመጥ አንዱ ቢጎድል የሚያስተውል የለም። ሽንኩርትና ጎመን ለመክተፍ ሹል ጫፍ አያስፈልግም። ጫፋቸው ክብ የሆነ ቢላዎች ይሸጣሉ፤ እንደ ሌላው ይቆርጣሉ፣ ለመውጋት ግን አይመቹም። ሥጋ ለመበለት አንድ ሹል ቢላ አስቀሩና በቁልፍ ያዙት።

ይህ እናንተንም ይመለከታል። ድግስ ቤት ሥጋ ለመበለት የራሳችሁን ቢላ ይዛችሁ የምትሄዱ ከሆነ ጠቅልላችሁ ከመኪናው ኋላ ዕቃ መጫኛ ውስጥ አድርጉት፤ ስትመለሱም ያንኑ ዕለት ወደ ቤት አስገቡት። በሕጉ፣ ስለት በአደባባይ ለመያዝ በቂ ምክንያት እንደነበረው ማስረዳት ያለበት የያዘው ሰው ነው። ድግሱ ካለፈ ሳምንት ሆኖት መኪና በር ኪስ ውስጥ ለተረሳ ቢላ የሚቀርብ ምክንያት የለም።

ያን ማታ

መጀመሪያ ቢላውን ከቤቱ ዝውውር አውጡት። በወፍራም ካርቶን ጠቅልላችሁ በፕላስተር እሰሩትና ልጁ የማይደርስበት ቦታ አስቀምጡት። የመንገድ ቆሻሻ መጣያ ውስጥ አትወርውሩት፤ ሌላ ልጅ ያገኘዋል። ለንደን ውስጥ በየሰፈሩ ቢላ ማስረከቢያ ሣጥኖች አሉ፤ ስም የሚጠይቅ የለም። ፖሊስ ጣቢያ ለማስረከብ ከሆነ ደግሞ አስቀድማችሁ 101 ደውሉና ምን ይዛችሁ፣ በስንት ሰዓት እንደምትመጡ ተናገሩ፤ በመንገድ ላይ ብትያዙ ማስረጃ ይሆናችኋል።

አንድ ነገር ግን ከዚህ ይለያል። ቢላው ላይ ደም ካለ ወይም ሰው የተጎዳበት መሆኑን ከጠረጠራችሁ አትጠቡት፣ አትጣሉት፣ ከዘመድ ቤትም አትደብቁት። ማስረጃ ማጥፋት ራሱን የቻለ ከባድ ወንጀል ነው፤ ልጁን ለማዳን ብላ ቢላ ያጠበች እናት እሷም ተከሳሽ ልትሆን ትችላለች። በዚያው ሰዓት የወንጀል ጉዳይ የሚይዝ ሶሊሲተር (ጠበቃ) አማክሩ።

ከልጁ ጋር የምትነጋገሩት ከእናንተ ንዴቱ በረድ ሲል፣ ከእሱም ጓደኞቹና ታናናሾቹ በሌሉበት ነው። “ለምን ያዝህ?” የሚለው ጥያቄ የሚያመጣው ዝምታ ወይም ውሸት ነው። “ማንን ፈርተህ ነው?” የሚለው ይሻላል። ከዚያ ወደ ዝርዝሩ ግቡ፦ የትኛው አውቶቡስ ላይ? ከየትኛው ፌርማታ? በስንት ሰዓት? ልጁ ስም ባይናገርም መንገድና ሰዓት ይናገራል፤ ለእናንተም የሚጠቅመው እሱ ነው። የሮያል ለንደን ሆስፒታል ሐኪሞች ከ2004 እስከ 2014 በስለት ተወግተው የመጡ ወጣቶችን መዝገብ አጥንተው በ2018 ባሳተሙት ጽሑፍ፣ ከ16 ዓመት በታች ያሉት ይበልጥ የሚወጉት በትምህርት ቀናት ከቀኑ 10 እስከ 12 ሰዓት መሆኑን አሳይተዋል፤ ይኸውም ከትምህርት ቤት ወደ ቤት በሚመለሱበት ሰዓት ነው። የመውጫ ሰዓቱን በ20 ደቂቃ ማዘግየት፣ ሌላ አውቶቡስ ማስያዝ ወይም ለሁለት ሳምንት ሄዶ ማምጣት ትንሽ ይመስላል። ልጁ ግን ቢላውን ያነሣው ለዚያች ሰዓት ነበር።

“የጓደኛዬ ነው፣ አስቀምጥልኝ ብሎኝ ነው” የሚለው መልስ በጣም የተለመደ ነው። እውነትም ሊሆን ይችላል፤ ፖሊስ ይፈትሻቸዋል የሚባሉት ትልልቆቹ ለትንንሾቹ ያስይዛሉ። ሕጉ ግን የማን እንደሆነ ሳይሆን ማን እንደያዘው ነው የሚጠይቀው።

ዱላ አትጠቀሙ። እንግሊዝ ውስጥ በልጅ ገላ ላይ ምልክት የሚተው ምት ወንጀል ነው፤ ስኮትላንድና ዌልስ ደግሞ ማናቸውንም የአካል ቅጣት ከልክለዋል። ከሕጉም በላይ፣ የተደበደበ ልጅ ውጭ ማደር ይጀምራል፤ የሚያሳድረው ሰው ደግሞ ያቺን ማታ ሲጠብቅ የቆየ ነው። “አገር ቤት እልከዋለሁ” የሚለውም እንዲሁ በችኮላ የሚወሰን አይደለም። ልጁ በዋስ ላይ ከሆነ ከአገር መውጣቱ የዋስትናውን ግዴታ ሊጥስ ይችላል፤ የትምህርት ቤት ቦታውንም ሊያጣ ይችላል፤ ሲመለስ ጠቡ እዚያው ቆይቶ ይጠብቀዋል። ሰፈር መቀየር ካስፈለገ ካውንስሉን የቤት ዝውውር በጽሑፍ ጠይቁ፤ የፖሊስ የወንጀል ቁጥር ካላችሁ አያይዙት።

ልጆቹ በስልክ የሚነጋገሩባቸውን ቃላት ማወቅም ይረዳል። “ሻንክ” ቢላ ነው፤ “ኦፕስ” ጠላቶች፣ “ቢፍ” ጠብ፣ “ፉድ” አደንዛዥ ዕፅ፣ “ትራፒንግ” ደግሞ ያንን መሸጥ ነው። ሁለተኛ ስልክ፣ ማን እንደገዛው የማይታወቅ ጫማ፣ ከለንደን ወደ ሩቅ ከተማ የተቆረጠ የባቡር ትኬት፣ ለሁለትና ሦስት ቀን መጥፋት አንድ ላይ ከታዩ ጉዳዩ ከቢላ አልፏል። ልጁን ዕፅ እያዞሩበት ነው። እንዲህ የተገደደ ልጅ በብሪታንያ ሕግ የዘመናዊ ባርነት ሰለባ ሆኖ ሊቆጠር ስለሚችል ሶሊሲተሩን ወይም ሶሻል ወርከሩን የባርነት ሰለባዎች የሚለዩበትን የመንግሥት አሠራር “ናሽናል ሪፈራል ሜካኒዝም” ብላችሁ በስሙ ጠይቁ። ካልጠየቃችሁ ላይነሣ ይችላል።

ሕጉ ምን ይላል

እንግሊዝና ዌልስ ውስጥ አንድ ልጅ 10 ዓመት ሲሞላው በወንጀል ሊጠየቅ ይችላል። ያለ በቂ ምክንያት ስለት በአደባባይ ይዞ መገኘት፣ ማንንም ሳይነኩ፣ እስከ 4 ዓመት እስራት ያስቀጣል። ራሴን ለመከላከል ነው ማለት እንደ በቂ ምክንያት አይቆጠርም፤ ልጆቹ በጣም የሚሳሳቱት እዚህ ላይ ነው። የሚፈቀደው ታጣፊ፣ ሲዘረጋ የማይቆለፍና ስለቱ ከ3 ኢንች (7.62 ሴንቲ ሜትር) ያልበለጠ ሰንጢ ብቻ ነው። ሲዘረጋ የሚቆለፍ ከሆነ አጭር መሆኑ አያድነውም። ዕድሜው 16 ወይም 17 የሆነ ልጅ ለሁለተኛ ጊዜ ጥፋተኛ ሲባል፣ ፍርድ ቤቱ የተለየ ምክንያት ካላገኘ በቀር ቢያንስ 4 ወር ይታሰራል፤ አዋቂ ከሆነ 6 ወር። “ዞምቢ” የሚባሉት ቢላዎች ከመስከረም 2024፣ “ኒንጃ” ሰይፎች ከነሐሴ 2025 ጀምሮ (በፈረንጅ አቆጣጠር) ቤት ውስጥ እንኳ ማስቀመጥ ተከልክሏል።

ዜግነት ላላገኘ ቤተሰብ ተጨማሪ ጣጣ አለ። ዕድሜው 10 ዓመት የሞላው ልጅ እንግሊዝ ውስጥ ተወልዶም ቢሆን ዜግነት ሲያመለክት “መልካም ጠባይ” ይታይበታል፤ የቢላ ጥፋት እዚያ ላይ ይነሣል።

ፖሊስ ሲያስቆመውና ሲይዘው

ልጁ መንገድ ላይ ለፍተሻ ሲቆም ስሙንና አድራሻውን የመናገር ግዴታ የለበትም፤ መሮጥና እጅ መታገል ግን አዲስ ክስ ያመጣል። ፖሊሱ የትኛውን ሕግ እንደተጠቀመ፣ ምን እንደሚፈልግና የትኛው ጣቢያ እንደሚሠራ መናገር አለበት። የፍተሻው መዝገብ ቅጂ ወዲያው ካልተሰጠ በ3 ወር ውስጥ መጠየቅ ይቻላል። ግጭት በተፈጠረበት ሰፈር “ሴክሽን 60” ሲታወጅ ደግሞ ፖሊስ ልጁን ሳይጠረጥረው ሊፈትሸው ስለሚችል በዚያ ዕለት “ምን አድርጌ?” ብሎ መከራከር አያዋጣም።

ጣቢያ ከተወሰደ ከ18 ዓመት በታች ያለ ልጅ ያለ ወላጅ ወይም ሌላ ኃላፊ አዋቂ ቃሉን አይሰጥም። ሶሊሲተር ለማንም፣ ገቢው ምንም ይሁን ምን፣ በነፃ ነው። አስተርጓሚም በነፃ ነው፤ እንግሊዝኛ “ይበቃኛል” ብላችሁ አትተዉት፣ ታናሽ ልጃችሁንም አስተርጓሚ አታድርጉት። ወላጆች በብዛት የሚሠሩት ስሕተት “እውነቱን ቶሎ ተናገርና ወደ ቤት እንሂድ” ማለት ነው። መጀመሪያ ሶሊሲተሩ ከልጁ ጋር ብቻውን ይነጋገር። “ኮሽን” (የፖሊስ መደበኛ ማስጠንቀቂያ) ተቀብሎ መውጣትም ጥፋቱን እንደ ማመን ነው፤ መዝገብ ላይ ይቀመጣል።

ትምህርት ቤት ቢላ ከተገኘበት የመባረር ደብዳቤ ሊመጣ ይችላል። ለዘለቄታው ከተባረረ የትምህርት ቤቱ አስተዳዳሪዎች በ15 የትምህርት ቀናት ውስጥ ጉዳዩን ማየት አለባቸው፤ ወላጅ ተገኝቶ መናገር ይችላል። እነሱም ካጸኑት፣ ነፃ ቡድን እንዲመረምረው ለማመልከት ያላችሁ ጊዜ ሌላ 15 የትምህርት ቀን ነው። ከ6ኛው ቀን ጀምሮ ካውንስሉ የሙሉ ቀን ትምህርት ማዘጋጀት ግዴታው ነው። ቤት የዋለ ልጅን ፈላጊው ብዙ ስለሆነ ይህን ቀን በቀን ተከታተሉ።

ሰው ከተወጋ

ጓደኞቹም ቤተሰቡም ይህን ክፍል ያንብቡት። “እግር ላይ ወይም መቀመጫ ላይ ቢወጉት አይሞትም” የሚለው የልጆች ወሬ ብዙ ሰው ገድሏል። በጭን ውስጥ የሚያልፈው ትልቅ የደም ሥር ከተቆረጠ ሰው በደቂቃዎች ውስጥ ደሙ ያልቃል። በ2000 ፔክሃም ውስጥ የ10 ዓመቱ ዳሚሎላ ቴይለር የሞተው ጭኑ ላይ በደረሰ ቁስል ነው።

ወጊው አለመኖሩን አይታችሁ 999 ደውሉ፤ “ሰው ተወግቷል፣ ደም እየፈሰሰ ነው” በሉና ቦታውን ንገሩ። ስልኩን በድምጽ ማጉያ አስቀምጡት፣ አትዝጉ።

ቢላው ገላው ውስጥ ከሆነ አትንቀሉት፤ የዘጋውን ደም ይለቅቃል። በዙሪያው ተጫኑ። ከሌለ ደግሞ ቁስሉ ላይ በቀጥታ በቲሸርት፣ በነጠላ፣ በተገኘው ጨርቅ በሁለት እጅ፣ ክንድ ዘርግታችሁ በሰውነት ክብደት ተጫኑ። ሰው ሁሉ የሚሳሳተው “ቆመ ወይ?” ብሎ ጨርቁን በማንሣት ነው፤ የረጋው ደም አብሮ ይነሣል። ጨርቁ ከራሰ ሌላ ደርቡና ይበልጥ ተጫኑ። ብብት፣ ብሽሽት ወይም ትከሻ ላይ ያለ ጥልቅ ቁስል ከላይ በመጫን ብቻ አይቆምም፤ ጨርቁን ወደ ውስጥ እየጠቀጠቃችሁ ሞልታችሁ ተጫኑ። ደረት ላይ ከሆነ ግን ቀዳዳውን አትጠቅጥቁ፣ አትሸፍኑም፤ ክፍት ተዉት።

እጅ ወይም እግር ላይ ተጭናችሁ ካልቆመና ተርኒኬት (ደም ለማቆም አጥብቆ የሚታሰር መቀነት) ካለ ከቁስሉ ከ5 እስከ 7 ሴንቲ ሜትር ከፍ አድርጋችሁ፣ መገጣጠሚያ ላይ ሳይሆን፣ ደሙ እስኪቆም አጥብቁ፤ ያጠበቃችሁበትን ሰዓት ጻፉ። በጣም ያማል፤ ስለጮኸ አትፍቱት። በ2017 በርሚንግሃም ውስጥ የተገደለው ዳንኤል ቤርድ እናት ባስጀመሩት ዘመቻ ምክንያት በብዙ ከተሞች አደባባይ ላይ የደም ማቆሚያ ሣጥኖች ተሰቅለዋል፤ የተቆለፉ ከሆነ 999 የመክፈቻውን ቁጥር ይነግራችኋል። ማኅበራችሁ በሚሰበሰብበት አዳራሽም አንድ ይኑር።

ውኃ አታጠጡት፣ ጠበልም ቢሆን አፉ ውስጥ አትጨምሩ፤ ቀዶ ሕክምና ሊገባ ይችላል። አልብሱት፤ የደማ ሰው ሲበርደው ደሙ መርጋት ያቅተዋል።

ልጅ ከሞተ

ግድያ ስለሆነ አስከሬኑ በኮሮነር (የአሟሟትን ምክንያት በሚመረምር ባለሥልጣን) እጅ ይቆያል፤ የተከሳሹ ጠበቃም ሁለተኛ ምርመራ ሊጠይቅ ይችላል። ቀብሩ በሳምንታት ሊዘገይ ስለሚችል 40ው ከቀብሩ ቀድሞ ሊደርስ እንደሚችል ለነፍስ አባት ከወዲሁ ንገሩ፤ ሙስሊም ቤተሰብም ቀብር እንደ ወጉ ቶሎ አይሆንለትም። ፖሊስ ለቤተሰቡ አንድ አገናኝ መኮንን ይመድባል፤ የአስከሬኑን ነገር የምትጠይቁት እሱን ነው።

ለቅሶ ቤቱ የራሱ ጥንቃቄ ይፈልጋል። የሟች ጓደኞች ይመጣሉ፣ ደጅ ላይ ተሰብስበው ስልክ ያያሉ፤ የበቀል ነገር የሚበስለው እዚያ ነው። እድሩ ልጆቹ የሚያከብሯቸውን ሁለት ሦስት ጎልማሶች በየምሽቱ ደጅ ያቁም፣ ልጆቹንም ወደ ውስጥ አስገብቶ ያብላቸው። የግድያውን ቪዲዮ ማንም አያስተላልፍ። ስም ለመጠቆም የሚፈራ ካለ ክራይምስቶፐርስ 0800 555 111 ማንነቱን አይጠይቅም። ልጆች ቻይልድላይን 0800 1111፣ ቤተሰብ ቪክቲም ሰፖርት 0808 16 89 111 ያገኛሉ።

የጉዳት ካሣ ከመንግሥት የሚጠየቀው ጉዳቱ ከደረሰ በ2 ዓመት ውስጥ ነው። ተጎጂው ከ18 ዓመት በታች ሆኖ ጉዳዩ ያኔውኑ ለፖሊስ ከተነገረ 20 ዓመት እስኪሞላው ጊዜ አለው። ማመልከቻው ጠበቃ አያስፈልገውም፤ የፖሊስ የወንጀል ቁጥር ግን ያስፈልገዋል፤ ስለዚህ ያንን ቁጥር ከመጀመሪያው ቀን ጀምሮ ጽፋችሁ ያዙ።