በኩሬ ላይ የሚሽከረከረውን ጥንዚዛ እንዴት እንለየዋለን?

ጸጥ ያለ ኩሬ ዳር ቆመው ካወቁ አይተዋቸዋል፦ ምስር የሚያህሉ፣ ጥቁርና የሚያብረቀርቁ ነፍሳት በቡድን ሆነው ውሃው ላይ ክብ እየሠሩ ይሽከረከራሉ። ጠጠር ቢወረወርባቸው ይበተናሉ፤ ጥቂት ቆይተው ተመልሰው ይሰበሰባሉ። በእኛ ዘንድ «የውሃ እናት» ይባላሉ። ችግሩ ይኸው ስም ጠልቆ ለሚዋኝ ሌላ ጥንዚዛም መሰጠቱ ነው። ሁለቱን መለየት ግን አጉሊ መነጽር ላለው ሰው የአንድ ከሰዓት ሥራ ነው።

ከአጉሊ መነጽሩ ሌላ የሻይ ማጥለያ፣ ረጅም ዱላ፣ ነጭ ሳህንና ክዳን ያለው ብልቃጥ ያዘጋጁ። ማጥለያውን ዱላው ጫፍ ላይ ይሰሩ። ውሃው ውስጥ አይግቡ፤ እንደ ጣና ባሉ ሐይቆች ዳርቻ ቢልሃርዚያ አለ።

መጀመሪያ ሳይነኩ ይመልከቱ። ላይ ላዩን የሚሽከረከረው የጋይሪኒዴ አስተኔ (ቤተሰብ) ነው። ከታች ወጥቶ ጭራውን ወደ ላይ አድርጎ አየር የሚስብ፣ የኋላ እግሮቹንም እንደ ጀልባ መቅዘፊያ አንድ ላይ የሚመታ ከሆነ ዳይቲሲዴ ነው። ጭንቅላቱን አስቀድሞ የሚወጣና እግሮቹን እያፈራረቀ የሚዋኝ ደግሞ ሃይድሮፊሊዴ ይባላል።

ቀጥሎ ይያዙት። ይህ ከሁሉም የሚያስቸግረው ነው። ማሳደድ ከንቱ ድካም መሆኑን ከብዙ ባዶ ማጥለያ በኋላ ተምሬአለሁ። ማጥለያውን ውሃው ውስጥ አጥልቀው ዝም ብለው ይቁሙ፤ ቡድኑ ተመልሶ ከላዩ ሲሆን በአንድ ጊዜ ያንሡት። በጣትዎ ቢይዙት ከኋላው ሽታ ያለው ፈሳሽ ያወጣል። ዓሣ እንዳይበላው የሚከላከልበት ነው፤ አንዳንዱ ዝርያ ፖም ፖም ይሸታል።

አሁን ሳህኑ ላይ አድርገው ዓይኑን ይዩ። እያንዳንዱ ዓይን ለሁለት ተከፍሏል፤ የላይኛው ሰማዩን፣ የታችኛው ውሃውን ያያል። ከጎን ሲያዩት አራት ዓይን ያለው ይመስላል። ይህን ካገኙ ጥርጣሬ አይግባዎ፤ ጋይሪኒዴ ነው። አንቴናው አጭርና ድቡልቡል ነው፤ የውሃውን ትንሽ ሞገድ ሳይቀር የሚያዳምጠው በእርሱ ነው። የፊት እግሮቹ እንደ ክንድ ረዝመው ውሃው ላይ የወደቀ ነፍሳትን ይይዛሉ፤ የተቀሩት አራቱ አጫጭርና ጠፍጣፋ መቅዘፊያዎች ናቸው።

ከዚያ ይገልብጡት። የኋላ እግሩ መነሻ የመጀመሪያውን የሆድ ቀለበት ለሁለት ከፍሎ ካለፈ፣ የአዴፋጋ ንዑስ ክፍለ መደብ (ብዙ አስተኔዎችን የሚያቅፍ ሰፊ ምድብ) ነው። ጋይሪኒዴና ዳይቲሲዴ ሁለቱም እዚህ ይገባሉ። ሃይድሮፊሊዴ ግን የሌላው ንዑስ ክፍለ መደብ፣ የፖሊፋጋ፣ በመሆኑ፣ ኩሬውን ከሚጋራቸው ይልቅ ፋንድያ ለሚያንከባልለው ጥንዚዛ ይቀርባል። አንድ ውሃ መጠጣት ዘመድ አያደርግም።

ለነገሩ በስም የተደናገርነው እኛ ብቻ አይደለንም። ስዊድናዊው የተፈጥሮ ተመራማሪ ሊኔየስ በ1758 እ.ኤ.አ. ይህን የሚሽከረከር ጥንዚዛ ከጠላቂው ጋር ዳይቲስከስ በሚል አንድ ስም ሥር መዝግቦት ነበር። ፈረንሳዊው ዦፍሯ በ1762 ጋይሪነስ ብሎ ለየው፤ ላትሬይ ደግሞ በ1810 አስተኔ አድርጎ አቆመው። ዛሬ በዓለም ወደ 1,000 የሚጠጉ ዝርያዎች ይታወቁበታል።

በአፍሪካ ውሃዎች ላይ ሲሆኑ አንድ ደረጃ ወርደው፣ ከአስተኔው ወደ ውስጡ ወዳሉት ወገኖች፣ ጀርባውን ማንበብ ይችላሉ። ሁለቱ ክንፎች ከአንገቱ ሥር በሚጋጠሙበት ቦታ ትንሽ ሦስት ማዕዘን ከታየችና ክንፉ ላይ የነጠብጣብ ረድፍ ካለ ጋይሪነስ ነው። በነጠብጣቡ ፈንታ እንደ ትልም የተሰመረ ከሆነ አውሎኖጋይረስ። ሦስት ማዕዘኗ ከሌለች፣ ነፍሳቱም ባቄላ አክሎ ጀርባው ከለሰለሰ ዲንዩተስ ይሆናል። የክንፉ ጠርዝ ጸጉራም ከሆነ ደግሞ ኦሬክቶጋይረስ ነው፤ ይህን ከኩሬ ይልቅ በወራጅ ውሃ ይፈልጉት። ከዚህ በታች ያለው፣ ዝርያውን መለየት፣ ብዙውን ጊዜ የወንዱን የመራቢያ አካል በማይክሮስኮፕ ማየት ስለሚጠይቅ ለባለሙያ ይተዉት።

ቦታውንና ቀኑን ማስታወሻዎ ላይ ይጻፉ፤ ከላይና ከጎን ፎቶግራፍ ያንሡት። ብልቃጡን ውሃው አጠገብ ዘንበል ሲያደርጉት አንዳንዱ መጀመሪያ ይጠልቃል፤ ጭራው ጫፍ ላይ እንደ ብር ዶቃ የምታበራውን የአየር አረፋ ያኔ ያዩዋታል።