ስለ በረሃ ጃርት የተጻፈ የመዝገበ ዕውቀት ጽሑፍ እንዴት ይጣራል?

በሳይንሳዊ ስሙ ፓራኤኪኑስ ኤትዮፒኩስ ስለሚባለው የበረሃ ጃርት የተጻፈ የመዝገበ ዕውቀት ጽሑፍ ለማጣራት ስትነሡ፣ ክብደቱንና ርዝመቱን ከማየታችሁ በፊት ጽሑፉ በእርግጥ ስለ የትኛው እንስሳ እንደሚናገር አረጋግጡ። «ጃርት» ሲባል አብዛኞቻችን የምናስበው ሌሊት ድንች ማሳ ገብቶ እየቆፈረ ገበሬውን የሚያስመርረውን፣ ረጅም ጥቁርና ነጭ እሾህ ያለውን ትልቁን እንስሳ ነው። እሱ ከአይጥ ወገን የሆነ፣ ሥርና ቅርፊት የሚበላ፣ ክብደቱም ከ10 ኪሎ ግራም ሊበልጥ የሚችል ነው። የበረሃው ጃርት ግን በሁለት መዳፍ የሚታቀፍ፣ በዋናነት ነፍሳትን የሚመገብ፣ ጊንጥንም የሚበላ፣ ሲደነግጥ እንደ ኳስ የሚጠቀለል ትንሽ እንስሳ ሲሆን ከአይጥ ወገን ጨርሶ አይደለም። ተርጓሚዎች ሁለቱንም በአንድ ስም ስለሚጠሩ የአንዱ ጠባይ በሌላው ገጽ ውስጥ ሾልኮ ይገባል። ስለዚህ «ሰብል ያጠፋል» ወይም «እሾሁ ተነቅሎ ጠላቱ ላይ ተሰክቶ ይቀራል» የሚል ዓረፍተ ነገር ካገኛችሁ የተወሰደው ከትልቁ ጃርት ገጽ ነው። «እሾሁን ይወረውራል» የሚለው ደግሞ በሰፊው የሚነገር ቢሆንም ለሁለቱም ሐሰት ስለሆነ ያለ ማመንታት ይሰረዝ።

ቀጥሎ ወደ ፎቶግራፉ እለፉ። የበረሃው ጃርት አፍንጫውና የአፉ ዙሪያ ጠቆር ያለ፣ ግንባሩና ጉንጩ ነጣ ያለ ነው፤ በአናቱ ላይ ደግሞ ፀጉር በማበጠሪያ የተከፈለ የሚመስል እሾህ አልባ መስመር አለው። የኋላ እግሩ ከታየ ጣቶቹን ቁጠሩ። አምስት ከሆኑ የበረሃው ጃርት ሊሆን ይችላል፤ አራት ብቻ ከሆኑ ግን በብዙ አገሮች በቤት ውስጥ የሚረባው አራት ጣት ያለው የአፍሪካ ጃርት መሆን አለበት። ይህ ሁለተኛው ዝርያ በኢትዮጵያም ስለሚገኝ፣ ፎቶው እዚህ መነሣቱ ብቻውን ማስረጃ አይሆንም።

ከሁሉ በላይ ጊዜ ልትሰጡት የሚገባው የስሙ ጉዳይ ነው። «ኤትዮፒኩስ» የሚለውን ያየ ጸሐፊ «በኢትዮጵያ ብቻ የሚገኝ ብርቅዬ እንስሳ» ብሎ ለመጻፍ ይቸኩላል፤ ለአገራችን እንስሳት ካለን ፍቅር የሚመጣ ስሕተት ስለሆነ ይገባኛል፣ ነገር ግን ስሕተት ነው። ስሙን በ1832 በአውሮፓውያን አቆጣጠር ያወጣው ጀርመናዊው የተፈጥሮ ተመራማሪ ኤረንበርግ ሲሆን፣ ለገለጻው መነሻ የሆነው ናሙና የተገኘው በዛሬዪቱ ሱዳን፣ በዶንጎላ በረሃ ነው። በዚያ ዘመን የአውሮፓ ሊቃውንት «ኢትዮጵያ» የሚለውን ቃል ከግብፅ በስተደቡብ ላለው ሰፊ ምድር፣ እንደ ጥንቶቹ ግሪኮች፣ ይጠቀሙበት ነበር። እንስሳው ከሞሮኮና ከሞሪታንያ ጀምሮ በሰሐራ በኩል እስከ አፍሪካ ቀንድ፣ ከዚያም በዐረብ ልሳነ ምድር ይኖራል። እግረ መንገዳችሁን ከሳይንሳዊ ስሙ ቀጥሎ የሚጻፉት የኤረንበርግ ስምና ዓመቱ በቅንፍ ውስጥ መሆናቸውን እዩ። ዝርያው መጀመሪያ በሌላ ወገን (ጂነስ) ሥር ተመድቦ ኋላ ስለተዛወረ፣ በእንስሳት ስያሜ ደንብ መሠረት ቅንፉ የግድ ነው።

የትርጉም ወጥመድ ሌላም አለ። የውጭ ምንጮች ይህ ጃርት በቀዝቃዛው ወቅት ለረጅም ጊዜ እንደሚያንቀላፋ ይገልጻሉ፤ በሳዑዲ ዓረቢያ በዱር በሚኖሩት ላይ የተደረገ ጥናትም ይህንኑ መዝግቧል። ጸሐፊው «በክረምት ይተኛል» ብሎ ከተረጎመው ግን የእኛ አንባቢ ሰኔንና ሐምሌን ያስባል፤ እዚያ ደግሞ ብርዱ የሚመጣው በታኅሣሥና በጥር፣ እኛ በጋ በምንለው ጊዜ ነው። ስለዚህ «በብርዱ ወራት» ተብሎ ይታረም፣ ከተቻለም ወራቱና ጥናቱ የተደረገበት አገር ይጠቀሱ።

ቁጥሮችን በተመለከተ እያንዳንዱን እስከ መነሻው ተከታተሉት። አንድ ዓይነት ዓረፍተ ነገር በአምስት ድረ ገጾች ላይ ካገኛችሁ አምስት ምስክር አገኘን አትበሉ፤ ብዙ ጊዜ አራቱ ከአንዱ የገለበጡ ናቸው፣ የፊደል ግድፈቱ ሳይቀር አብሮ መገልበጡም ያጋልጣቸዋል። የዕድሜ ቁጥር ካለ በዱር የተለካ ነው ወይስ በሰው እጅ ካለ እንስሳ ላይ ብላችሁ ጠይቁ፤ በሰው እጅ ያለው ጠላትና ረኃብ ስለማይነካው ቁጥሩን ለዱሩ መስጠት አይቻልም። መነሻው ያልተገኘ ቁጥር ከጽሑፉ ይውጣ፤ በቃል የምታስታውሱትን ሌላ ቁጥር ግን አትተኩበት።

የጥበቃ ደረጃውን ከዓለም አቀፉ የተፈጥሮ ጥበቃ ኅብረት ቀይ መዝገብ ላይ ራሳችሁ አንብቡ። ዝርያው በዚያ የተመደበው ለመጥፋት አነስተኛ ስጋት ካለባቸው መካከል ነው፤ ይህም «በየቦታው በብዛት ይገኛል» ማለት ስላልሆነ፣ ጽሑፉ እንደዚያ ካለ አርሙትና ምዘናው የተደረገበትን ዓመት ከጎኑ ጻፉ።