የዓለማት ውል በልብ ወለድ ሲፈርስ፦ ሊያስወግዷቸው የሚገቡ ስህተቶች

ሰባት ዓለማት ተሰብስበው እውነታን የሚለውጥ መሣሪያ ላይ ልጓም ያበጃሉ፤ ውሉ ይፈርሳል፤ ጦርነት ይነሣል። ሴራው ደኅና ነው። ችግሩ፣ አብዛኛው ደራሲ የውሉን አንድ አንቀጽ እንኳ ሳይጽፍ ያፈርሰዋል።

ለዚህ ጽሑፍ ያህል መሣሪያውን መወርወሪያ እንበለው። ሸማኔው በመወርወሪያ ማጉን በድሩ መሐል እንደሚያሳልፍ፣ ይህኛውም የሆነውን ነገር ፈትቶ በቦታው ሌላ ማግ ያስገባል። ትናንት የተቀበረ ሰው ዛሬ ቁርሱን ሲበላ ይገኛል፤ ቀብሩን የሚያስታውስ የለም።

ውሉን በክፉ ሰው ማፍረስ

ከሁሉ የከፋው ይህ ነው። አንድ ጨካኝ ንጉሥ ተነሥቶ ወረቀቱን ቢቀድደው አንባቢው ስለ ውሉ ምንም አልተማረም። ውል የሚፈርሰው ብዙ ጊዜ ከራሱ ቃል ነው። የውጫሌ ውል 17ኛ አንቀጽ በአማርኛው ምኒልክ ከሌሎች መንግሥታት ጋር ላላቸው ጉዳይ በኢጣሊያ በኩል መላላክ ይቻላቸዋል ሲል፣ ጣሊያንኛው ግዴታ አደረገው። በዚያ ግስ ጠብ መጥቶ የጎጃሙ ንጉሥ ተክለ ሃይማኖት ሳይቀሩ ጦራቸውን ይዘው ዓድዋ ዘመቱ። በ1894 ዓ.ም. ከእንግሊዝ ጋር የተፈረመው ውልም ዓባይንና ጣናን የሚገታ ሥራ ያለ ስምምነት እንዳይሠራ ይላል። መግታት ጨርሶ መድፈን ነው ወይስ መቀነስንም ይጨምራል? ክርክሩ ከፈራሚዎቹ ዕድሜ በላይ ቆየ።

ስለዚህ አንድ ግስ ይምረጡና ሁለት ዓለማት ለየብቻ ይስሙት። ሰምና ወርቅ ባለበት አገር ይህ ሊከብድ አይገባም። አንቀጽ 4 «ማንም ዓለም የሌላውን ሙት አይፍታ» ይበል። ረቂቁን ከዋሸራ ለወጣ የቅኔ መምህር ያሳዩት፦

«የኔታ፣ አንቀጽ 4 ምን ይጎድለዋል?»

«ምንም አይጎድለው፤ ተርፎታል እንጂ ልጄ። አይፍታ ያልኸው ማጉን ነው ወይስ ፍትሐቱን?»

የሸማኔዎቹ ዓለም ሞትን መቀልበስ ተከለከለ ብሎ ይፈርማል። የካህናቱ ዓለም ግን ለባዕድ ሙት ጸሎተ ፍትሐት ማድረስ ተከለከለ ብሎ ይፈርምና መወርወሪያውን እንደ ልቡ ያሠራዋል። ሁለቱም ቃላቸውን ጠብቀዋል። ጦርነቱ ከዚህ ይጀምር።

መሣሪያውን በቁመቱና በክብደቱ መበየን

«ከ3 ክንድ የሚረዝም መወርወሪያ ክልክል ነው» ብለው ከጻፉ፣ በማግስቱ የ2 ክንድ ተስንዝር ይሠራል። እ.ኤ.አ. በ1922 የዋሽንግተን የባሕር ኃይል ስምምነት ክሩዘር የተባሉትን ጦር መርከቦች ክብደት በ10,000 ቶን ሲገድብ፣ አገሮቹ ሁሉ ልክ እዚያው ጣሪያ ላይ የሚደርስ መርከብ ለመሥራት ተሽቀዳደሙ። ጣሪያው ግብ ሆነ ማለት ነው። ውልዎ እንዲጸና ከፈለጉ የሚከለክለው ሥራውን ይሁን፤ እንዲፈርስ ከፈለጉ ቁመቱን።

ማስረጃውን መርሳት

እ.ኤ.አ. በ1972 ለፊርማ የቀረበው የባዮሎጂ ጦር መሣሪያ ስምምነት መርማሪ አልተሠራለትም። ሶቪየት ኅብረት ፈርማ በድብቅ ማምረቷን ቀጠለች። እ.ኤ.አ. በ1979 ስቨርድሎቭስክ በተባለች ከተማዋ ከወታደራዊ ተቋም አባ ሰንጋ አምልጦ ሰው ሲያልቅ፣ የተበከለ ሥጋ በልተው ነው ተባለ። እውነቱን የሩሲያ መንግሥት ያመነው እ.ኤ.አ. በ1992 ነው።

እዚያ ቢያንስ መቃብሩ ነበር። መወርወሪያ ግን መቃብሩንም መዝገቡንም የመርማሪውን ትዝታም ይፈታል፤ ያጠፋው ጥፋት አልሆነም። ይህን ያልተመለከተ ደራሲ ከመርማሪ ፖሊስ ታሪክ ብዙም አልራቀም። መፍትሔው ከድሩ ውጭ የሚቀመጥ ቅጂ ነው። የሰዉን ስም በሦስት ብራና አስጽፈው በሦስት ዓለማት ያስቀምጡ፤ አንዱ ጣና ላይ ካለች ደሴት ገዳም ዕቃ ቤት ይግባ፤ በየዓመቱ ይመሳከሩ። አንዱ ብራና ላይ ያለ ስም ሌሎቹ ላይ ከጠፋ አንድ ሰው ተፈትቷል። ቀጥሎ የሚመጣው ጥያቄ ነው የሚጣፍጠው፦ የተለወጠው አንዱ ነው ወይስ ሁለቱ?

ዋስም ገደብም የሌለው ውል

እዚህ ላይ የጎጃም ገበሬ ከዓለማቱ አምባሳደሮች ይበልጣል። መሬት ሲያከራይ በውሉ መጨረሻ፣ ያፈረሰ ወገን ለውል አክባሪው ይህን ያህል፣ ለመንግሥት ይህን ያህል ብር ይከፍላል ተብሎ ገደብ ይጻፋል፤ የፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 1889 ይጠቀሳል፤ እማኞች ይፈርማሉ። ደም ሲደርቅም ሽማግሌ ዋስ ይጠራል። በልብ ወለድዎ ዋሱ ማን ነው? ለሰባቱም ዘመድ ያልሆነ ስምንተኛ ዓለም ከሌለ፣ ዋስ የሚጠራበትን ትዕይንት ይጻፉና ማንም አይነሣ። ዝምታው ይበቃል።

መግቢያና መውጫ በር

በአጭሩ፦ ውሉ ሥራ የሚጀምረው ስንት ዓለም ሲያጸድቅ ነው? እ.ኤ.አ. የ1996ቱ የኑክሌር ሙከራ ክልከላ ስምምነት የ44 አገሮችን ማጽደቅ ስለጠየቀ እስካሁን አልጸናም። ለመውጣትስ? የኑክሌር መሣሪያ እንዳይስፋፋ የሚከለክለው ስምምነት የ3 ወር ማስታወቂያ ብቻ ይጠይቃል። ትናንትን መለወጥ ለሚችል ዓለም 3 ወር ምንም አይደለም፤ ማስታወቂያውን ከ3 ወር በፊት እንደሰጠ አድርጎ ይሸምነዋል።

ሁሉም ዓለም አንድ ዘመን ይቆጥራል ማለት

ውጫሌ ሚያዝያ 25 ቀን 1881 ዓ.ም. የተፈረመው ለጣሊያኖቹ እ.ኤ.አ. ሜይ 2 ቀን 1889 ነው። ሁለት ቁጥር ይጻፉ እንጂ አያስማሟቸው። ውሉ «በ13ኛው ወር በ5ኛው ቀን ይታደሳል» ካለ፣ እኛ ጳጉሜን 5 ላይ ማኅተም ይዘን እንቀመጣለን። ባለ 12 ወሩ ዓለም ቀኑ ገና አልደረሰም ብሎ መልእክተኛ አይልክም። ሲነጋ መስከረም 1 ነው፤ ውሉ በእኛ ፈርሷል፤ በእነሱ ግን መታደሻው መቼም አይመጣም።