ጥላ አስከባሪው፦ የ10 ደቂቃ ሞክዩመንታሪ በጎንደር እንዴት ይሠራል

እ.ኤ.አ. ኤፕሪል 1 ቀን 1957 የእንግሊዙ ቢቢሲ «ፓኖራማ» በተባለው ፕሮግራሙ ሦስት ደቂቃ ገደማ የምትሆን ዘገባ አሳየ። አንድ የስዊዘርላንድ ቤተሰብ ከዛፍ ላይ ስፓጌቲ ይለቅማል፤ የለቀመውንም ፀሐይ ላይ ያሰጣል። ተራኪው ሪቻርድ ዲምብልቢ የንግሥት ኤልሳቤጥን የንግሥ በዓል በቴሌቪዥን የተረከ፣ ሕዝቡ የሚያምነው ድምፅ ነበር። ስፓጌቲ እንዴት እንደሚተከል ስልክ ደውለው የጠየቁ ተመልካቾች ነበሩ። ነገሩ የኤፕሪል አንድ ቀልድ ነበር፤ ዘገባው ውስጥ ግን አንድም የሳቀ ሰው የለም።

ሞክዩመንታሪ ይኸው ነው፤ ልብ ወለዱ የዘጋቢ ፊልም ልብስ ለብሶ ይመጣል። ለጎንደር ሰው ይህ እንግዳ ነገር አይደለም። አዝማሪው መሰንቆውን እየገዘገዘ እንግዳውን ሲያወድስ ሰሙን የሰማ ይሸልማል፤ ወርቁን ያገኘ አንገቱን ደፍቶ ይስቃል። እዚህም ሰሙ ዘገባው ነው፣ ወርቁ ትዝብቱ። ሰሙ በጥንቃቄ ካልተሠራ ወርቁ ቅርጽ አይይዝም። ብዙ ጀማሪ ፊልም የሚበላሸው ሠሪዎቹ ከተመልካቹ ቀድመው ስለሚስቁ ነው።

የሚከተለው አሠራር ለአራት ሰው፣ ለሁለት ስልክና ለሦስት የቀረጻ ቀን የታሰበ ነው።

1. የሌለ ሥራ ፈልጉ

ሥራው የሌለ፣ ግን ነገ ቢኖር ማንም የማይደነቅበት መሆን አለበት። በአንድ ዓረፍተ ነገር ይነገር፣ በእጅ የሚያዝ መሣሪያ ይኑረው፣ በየቀኑ በዚያው ሰዓት ይክሸፍ። ታሪኩን የሚሸከመው የመጨረሻው ነው።

ለምሳሌ «ጥላ አስከባሪ» እንበል፤ የአንድ ረጅም አጥር ጥላ በካሬ ሜትር እየለካ ለአላፊ አግዳሚው በተራ የሚያድል ሰው። መሣሪያው ሜትር፣ ጠመኔና ፊሽካ ነው። ክሽፈቱን ፀሐይ ራሷ ታመጣለታለች። ጎንደር ከምድር ወገብ በስተሰሜን 12 ዲግሪ ተኩል ገደማ ላይ ስላለች በሚያዝያ አጋማሽ እኩለ ቀን ላይ ፀሐይ ከአናት በላይ ትቆማለች። ከሰሜን ወደ ደቡብ የተዘረጋ የ3 ሜትር አጥር በዚያ ሰሞን ከጠዋቱ 3 ሰዓት ላይ 3 ሜትር ተኩል የሚያህል ጥላ ይጥላል። 5 ሰዓት ላይ ጥላው ከ1 ሜትር ብዙም አያልፍም፤ 6 ሰዓት ተኩል ገደማ ደግሞ ከነጭራሹ ይጠፋል። ከዚያ በኋላ ወደ አጥሩ ምሥራቅ ይዞራል። ምሥራቁን የሌላ ቀበሌ ክልል አድርጉት። ጠዋት የተሰጠው ቁጥር ከሰዓት በኋላ ይሠራል ወይስ አይሠራም የሚለው ክርክር ብቻውን ሁለት ደቂቃ ይሞላል።

በእውነት ያለና ድሃ የሚኖርበትን ሥራ አትንኩ። ሊስትሮው፣ ሎተሪ አዟሪው፣ የባጃጅ ተራ አስከባሪው እንጀራቸውን እየበሉበት ነው። እነሱ ላይ ካሜራ ደግኖ ማሳቅ ትዝብት ሳይሆን ጭካኔ ነው፤ ተመልካቹም ወዲያው ይሰማዋል።

2. ምኞቱን ስጡት

ሥራው ያስቃል፤ ፊልሙን የሚያስኬደው ግን ምኞቱ ነው። ጥላ አስከባሪው የሚፈልገው ገንዘብ አይደለም። «ለሚመለከተው ሁሉ» የሚል ደብዳቤ፣ በአንገት የሚንጠለጠል መታወቂያና አዘዞ ላይ የሚከፈት ቅርንጫፍ ነው የሚፈልገው። ስህተቱ ደብዳቤው ከተጻፈለት ጥላው ባለበት ይቆማል ብሎ ማመኑ ላይ ነው። ይህች አንዲት እምነት ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው ትዝለቅ፤ ሌላ ምኞት አትደርቡበት።

ደግሞም ውደዱት። ማንም ሳይጠይቀው በደንብ የሚያደርገው አንድ ነገር ይኑር። ልጅ ያዘለች እናት ስትመጣ ራሱ ተነሥቶ የቆመበትን ጥላ ይልቀቅላት፣ መዝገብ ላይም አያስፍራት። ይህን 20 ሰከንድ ያየ ተመልካች እስከ መጨረሻው አብሮት ይቆያል።

3. ሁለት ገጽ ብቻ ጻፉ

ንግግሩን ቃል በቃል አትጻፉ። ያጠናውን የሚመልስ ተዋናይ ዓይኑ ያስታውቅበታል፤ በዘጋቢ ፊልም ውስጥ ግን ሰው እያሰበ ነው የሚናገረው። እ.ኤ.አ. በ1984 የወጣው «ዲስ ኢዝ ስፓይናል ታፕ» የተባለው ስለ አንድ የፈጠራ የሮክ ባንድ የተሠራ ሞክዩመንታሪ አብዛኛው ንግግሩ ቀረጻው ላይ የተፈጠረ ነው።

አንደኛው ገጽ የሰውዬው ሕይወት ይሁን፦ ዕድሜው፣ ሥራውን የጀመረበት ቀን፣ የተቃወመው ዘመድ፣ የሚቀናበት ሰው። ሁለተኛው ገጽ 12 ትዕይንቶችን በአንድ በአንድ መስመር ይያዝ፤ ሁሉም ከንጋት እስከ ምሽት ባለው በአንድ ቀን ውስጥ ይግቡ።

15 ጥያቄዎችን በሌላ ወረቀት ጽፋችሁ ከተዋናዩ ደብቁ። «ሥራው ከባድ ነው?» ቢባል መልሱ «አዎ» ብቻ ሆኖ ይቀራል። «ትናንት ስንት ሰው አስተናገዱ? ስንቱ ቅሬታ አቀረበ?» ሲባል ግን ቁጥር መፍጠር ይኖርበታል። ያንን ቁጥር እስከ መጨረሻው መጠበቅ ስላለበት አንዳችሁ የተናገረውን ሁሉ መዝግቡ። 41 ያለው ሰው ከሰዓት በኋላ 60 ካለ ተመልካቹ የሚያየው የተዋናዩን ስህተት ነው።

4. ዕቃውን አሮጌ አድርጉት

ትናንት የተገዛ ዕቃ ፊልሙን ያጋልጣል። አንጸባራቂ ሰደርያውን ሦስት ጊዜ አጥባችሁ ፀሐይ ላይ አውሉት፤ የ5 ሜትሩን ሜትር ጫፍ በፕላስተር ጠግኑት።

ብዙ ጊዜ መውሰድ ያለበት መዝገቡ ነው። ጠንካራ ልባጥ ያለው ባለ መስመር መዝገብ ግዙና በማስመሪያ ስድስት ዓምድ አውጡ፦ ተራ ቁጥር፣ ሙሉ ስም፣ የገባበት ሰዓት፣ የተፈቀደ ጥላ በካሬ ሜትር፣ የተመለሰ ጥላ፣ ፊርማ። የፈጠራ ስሞችን እየጻፋችሁ ቢያንስ 20 ገጽ በተለያየ እስክሪብቶ ሙሉ፤ ፊርማውን የተለያዩ ሰዎች ይፈርሙ። ጠርዙን በሻይ አርጥባችሁ አሹት። «የተመለሰ ጥላ» በሚለው ዓምድ ሥር ከላይ እስከ ታች «ተመልሷል» እየተባለ ይውረድ፤ አንድ መስመር ላይ ብቻ «አልተመለሰም፣ ክትትል ላይ» ተብሎ ይጻፍ። ካሜራው እዚያች መስመር ላይ 3 ሰከንድ ይቁም። ስለሷ ማንም አይናገር፤ ተራኪውም ጭምር።

ማህተም ካስፈለገ በግልጽ የሌለ ድርጅት ስም ይኑረው። የመንግሥት መሥሪያ ቤት ማህተም፣ አርማ ወይም የፖሊስ ልብስ መምሰል የለበትም፤ ይህ በሕግ ያስጠይቃል።

5. ካሜራው

ስልኩን በ1080 ጥራትና በሰከንድ 25 ፍሬም ላይ አድርጉት። ቤት ውስጥ ሹተሩ (እያንዳንዱ ፍሬም ብርሃን የሚቀበልበት ጊዜ) 1/50 ሰከንድ ይሁን። መብራታችን በ50 ኸርዝ ስለሚሠራ በ30 ፍሬም ሲቀረጽ አምፖሉ ሊርገበገብ ይችላል። ውጭ ግን የጎንደር ፀሐይ በ1/50 ምስሉን ያነጣዋል፤ ኤንዲ ፊልተር (ሌንሱ ላይ የሚደረግ ብርሃን ቀናሽ ጥቁር መስታወት) ከሌላችሁ ሹተሩን ለስልኩ ተዉት። ፊቱ ላይ ጣታችሁን ተጭናችሁ ፎከስና ኤክስፖዠሩን (የምስሉን ጥራትና የብርሃን መጠን) ቆልፉ፤ አለበለዚያ ነጭ ነጠላ የለበሰ ሰው ባለፈ ቁጥር ፊቱ ይጠቁራል።

ቃለ መጠይቁ በትራይፖድ ይሁን፦ ስልኩ ከተዋናዩ ዓይን ጋር እኩል ከፍታ ላይ፣ በ1 ሜትር ተኩል ርቀት። ጠያቂው ጆሮው ስልኩን ሊነካ እስኪደርስ ተጠግቶ ይቀመጥ፤ ተዋናዩም እሱን እያየ ይመልስ። በቀጥታ ወደ ካሜራ ማየት በፊልሙ ሙሉ ከሦስት ጊዜ አይብለጥ። በበዛ ቁጥር ይረክሳል።

ሲከተሉት ደግሞ ካሜራማኑ የሚሆነውን አስቀድሞ እንደማያውቅ ሰው ይሁን። ጭቅጭቅ ሲነሣ ካሜራው ግማሽ ሰከንድ ዘግይቶ ይዙር። ሆን ብሎ ማንቀጥቀጥ ግን አያስፈልግም፤ እውነተኛ ዘጋቢ ካሜራውን አጥብቆ ለመያዝ ነው የሚታገለው።

ለ10 ደቂቃ ፊልም የ120 ደቂቃ ቀረጻ ያዙ። በዚህ ጥራት አንድ ደቂቃ እስከ 130 ሜጋባይት ስለሚወስድ 16 ጊጋባይት ባዶ ቦታና 10,000 ሚሊ አምፒር ሰዓት ያለው ፓወር ባንክ ይኑራችሁ። መብራት መቼ እንደሚጠፋ አይታወቅምና በየማታው ወደ ኮምፒውተር ገልብጡ።

6. ድምፁ

ተመልካች የደበዘዘ ምስል ይታገሣል፤ ያልተሰማ ቃል ግን አይታገሥም። የደረት ማይኩን ከአገጭ 20 ሴንቲ ሜትር ዝቅ አድርጋችሁ በቴፕ ያዙት፤ ሰደርያው እየተሻሸ ኮሽ ኮሽ እንዳይል ሽቦውን በዙር አጥፉት። ከፍተኛው ድምፅ በመቅጃው መለኪያ ላይ ከ−12 እስከ −6 ዴሲቤል መካከል ይመላለስ። በየቦታው ሁሉም ሰው ዝም ብሎ 30 ሰከንድ የአካባቢውን ድምፅ ቅረጹ፤ ኋላ ቆርጣችሁ ስትቀጥሉ ስንጥቁን የሚደፍነው እሱ ነው። ባጃጅ በመልስ መሀል ካለፈ መልሱ እንዲደገም ወዲያው ጠይቁ፤ ዘጋቢ ፊልም ላይም እንዲሁ ይደረጋል። በዓልና ጉባኤ ባለበት ቀን የቤተ ክርስቲያን ድምፅ ማጉያ ከሩቅ ይሰማል፤ ቀጠሮ ከመያዛችሁ በፊት ቀኑን አጣሩ።

7. ሦስቱ ቀናት

የመጀመሪያው ቀን ለቃለ መጠይቅ ነው። ሁለተኛው ከንጋቱ 12 ሰዓት ተኩል እስከ ምሽት የሥራ ቀኑ ነው። ሦስተኛው ደብዳቤ ፍለጋው፣ መዝገቡ፣ እጁና ጫማው በቅርብ የሚነሡበት ነው።

እኩለ ቀን ላይ ፀሐይ የዓይን ጉድጓድን ጥቁር ታደርጋለች። ስለዚህ ሌሎቹን ትዕይንቶች ከጠዋቱ 3 ሰዓት በፊትና ከቀኑ 10 ሰዓት በኋላ ቅረጹ፤ ያንን ክፉ ብርሃን ጥላው ለሚጠፋበት ትዕይንት ብቻ አስቀሩት። ካሜራውን በትራይፖድ አቁማችሁ ከ5 ሰዓት እስከ 6 ሰዓት ተኩል በየ10 ደቂቃው 20 ሰከንድ ቅረጹ። የጠመኔው መስመር ባለበት ይቀራል፤ ጥላው ጥሎት ይሄዳል። ከፊልሙ ሁሉ የሚበልጥ ምስል ይህ ይመስለናል፤ ወጪውም አንድ ጠመኔ ነው።

ለዚህ የግል አጥር ምረጡና ባለቤቱን አስፈቅዱ። የፋሲል ግቢ እ.ኤ.አ. ከ1979 ጀምሮ በዓለም ቅርስነት የተመዘገበ ነው። ግቢው ውስጥ ለመቅረጽ አስቀድሞ ፈቃድ ጠይቁ፤ ግንቡ ላይ ጠመኔ ማስመርም ሆነ ቴፕ መለጠፍ ፈጽሞ አይሞከርም። ከሰኔ እስከ መስከረም ዝናቡና ደመናው ጥላ አይሰጣችሁም።

ተዋናዩን የምታዙት አንድ ነገር ብቻ ነው፦ «ይህ ሥራ ነገ ቢቀር ከተማው ይጎዳል ብለህ እመን።» መልሱን ሲጨርስ «በቃ» አትበሉት። ጠያቂው አንገቱን ነቅነቅ አድርጎ 5 ሰከንድ ዝም ይበል፣ ካሜራውም ይቀጥል። ሰው ዝምታን ለመሙላት ሲል ያላሰበውን ይጨምራል፤ «ቅርንጫፉማ በሰኔ ይከፈታል» ካለ በኋላ በዝምታው ውስጥ «…ደመና ካልሆነ» የሚለው እዚያ ላይ ነው የሚመጣው።

8. ቅንብሩ

መጀመሪያ ቃለ መጠይቁን በወረቀት ገልብጡ፤ ከዚያ የሚናገረውንና የሚያደርገውን አጋጩ። «እኔ ዘንድ አድልዎ የለም» ሲል ምስሉ ለአጎቱ ልጅ 2 ካሬ ሜትር ሲለካ ያሳይ። አስቂኝ ሙዚቃ፣ የሳቅ ድምፅ፣ ፊት ላይ ዙም ማድረግ ክልክል ነው።

ተራኪው በዜና አማርኛ ይናገር። ቋንቋችን ለዚህ የተዘጋጀ ሀብት አለው፤ «ባለድርሻ አካላት»፣ «በተጠናከረ ሁኔታ»፣ «አበረታች ውጤት ተመዝግቧል»፣ «ከጊዜ ወደ ጊዜ እየተሻሻለ ይገኛል»። «በበጀት ዓመቱ የጥላ አቅርቦቱን በእጥፍ ለማሳደግ እየተሠራ ይገኛል» የሚለውን ዓረፍተ ነገር ረጋ ባለ ድምፅ ካነበባችሁት ወርቁ ያለ ማብራሪያ ይወጣል። ግን በደቂቃ ከአንድ አታስበልጡ። ስሙ ሲጻፍ «ጥላ አስከባሪ፣ ዋና ሥራ አስኪያጅ» ተብሎ በተራ ነጭ ፊደል ለ4 ሰከንድ ይቁም።

የመጨረሻው ትዕይንት ጎሃ ኮረብታ ላይ ይሁን። በሚያዝያ ፀሐይ 12 ሰዓት ተኩል ካለፈ በኋላ ትጠልቃለች። ሜትሩን እየጠቀለለ ቁልቁል ያያል፤ ከፒያሳ እስከ አዘዞ መንገድ ድረስ ከተማው በሙሉ ጥላ ነው፣ ተራ የሚይዝ ግን የለም። ኤክስፖዠሩን ሰማዩ ላይ ቆልፉና እስኪጨልም አታቋርጡ።

9. ከመልቀቃችሁ በፊት

ስለ ፊልሙ ምንም ለማያውቁ አምስት ሰዎች አሳዩ። በሁለተኛው ደቂቃ «እውነት ነው እንዴ?» ብለው ከጠየቁ ሰሙ ተሠርቷል ማለት ነው። ሲያልቅም የሚያምን ካለ ግን ሁለት ፍንጭ ጨምሩ። ፊቱ በግልጽ የታየ አላፊ አግዳሚ ሁሉ የጽሑፍ ፈቃድ ይስጥ፣ ካልሰጠ ይውጣ። መጨረሻ ላይ «ልብ ወለድ ነው» የሚል ጽሑፍ ለ5 ሰከንድ አስቀምጡ። ለቲክቶክና ለቴሌግራም በምትቆርጡት በእያንዳንዱ ቁራጭ ጥግ ላይም ይኸው ይጻፍ፤ ቁራጩ የሚዞረው መጨረሻውን ሳይዝ ነውና።