የድንችና የተፈጨ ሥጋ ላዛኛ፦ ውሃ ሳይቋጥር፣ ሲቆረጥም ሳይፈርስ

በፓስታ ፈንታ ድንች እየተነጠፈ የሚሠራ ላዛኛ አንድ ትሪ ሙሉ ስድስት ሰው ያጠግባል። የሚበላሸው አብዛኛውን ጊዜ በአንድ ምክንያት ነው፤ በውሃ። ድንቹ ውሃ ይዞ ይገባል፣ ሥጋው ውሃ ይዞ ይገባል፣ ቲማቲሙ ይጨምርበታል። ቢላዋ ሲያርፍበት ንብርብሩ ይንሸራተትና ሳህን ላይ ወጥ ሆኖ ይቀራል። ስለዚህ ትሪው ውስጥ የሚገባው ነገር ሁሉ አስቀድሞ የበሰለና ውሃውን የጨረሰ መሆን አለበት። የኦቨኑ ሥራ ማያያዝና ላዩን ማቅላት ብቻ ነው።

የሚያስፈልገው፣ 23 በ33 ሳንቲ ሜትር ለሆነና 6 ሳንቲ ሜትር ያህል ጥልቀት ላለው ትሪ ወይም ፓይሬክስ፦

ድንች 1 ኪሎ ተኩል
የተፈጨ የበሬ ሥጋ 750 ግራም
ቀይ ሽንኩርት 3 መካከለኛ ራስ፣ ነጭ ሽንኩርት 5 ፍንካች፣ ካሮት 1
በደንብ የበሰለ ቲማቲም 4፣ ሳልሳ 2 የሾርባ ማንኪያ
በርበሬ 1 የሾርባ ማንኪያ፣ ኮረሪማና ቁንዶ በርበሬ ግማሽ ግማሽ የሻይ ማንኪያ፣ አንድ ዘለላ የጥብስ ቅጠል
ዘይት 3 የሾርባ ማንኪያ፣ ጨው
ለነጩ ሶስ፦ ወተት ግማሽ ሊትር፣ የገበታ ቅቤ 40 ግራም፣ የፉርኖ ዱቄት 40 ግራም (5 የሾርባ ማንኪያ ልክ በልክ)
የተፈቀፈቀ ፕሮቮሎኔ ወይም ሞዛሬላ 150 ግራም

ድንቹ

ጉሊት ላይ አፈሩ ያልታጠበለትን ምረጡ፤ የታጠበው ቶሎ ይበሰብሳል። መጠናቸው የተቀራረበ፣ ሲጫኗቸው ጠንካራ የሆኑትን ውሰዱ። ፀሐይ ላይ ውሎ አረንጓዴ የሆነ ድንች ይመራል፣ ሆድም ያውካል፤ ጥቂት ከሆነ አረንጓዴውን ወፈር አድርጋችሁ ቁረጡና ጣሉት፣ በብዛት ከያዘው ግን ድንቹን እንዳለ ተዉት። አንዳንዱ ድንች ሲቀቀል ቅርጹን ይይዛል፣ አንዳንዱ ደግሞ ዱቄት ሆኖ ይበተናል፤ ሁለቱ ደግሞ አንድ መደብ ላይ ተደባልቀው ይሸጣሉ። ሁሉንም ከመላጣችሁ በፊት ከአንዱ ሁለት ቁራጭ ቆርጣችሁ ቀቅሉና እዩት። የሚበተን ዓይነት ከሆነ ቁራጩን ወፈር አድርጉ፣ የመቀቀያውንም ጊዜ አሳጥሩ።

ግማሽ ሳንቲ ሜትር ውፍረት ባለው ክብ ክብ ቁረጡት። ከዚህ ከቀጠነ ይቦጫጨቃል፤ ከወፈረ መሃሉ ጥሬ ይቀራል። 2 ሊትር ቀዝቃዛ ውሃ ላይ አንድ የሾርባ ማንኪያ ጨው ጨምሩና ድንቹን አብራችሁ ጣዱ። የፈላ ውሃ ውስጥ ከተጨመረ ዳር ዳሩ ሲፈርስ መሃሉ ገና ይሆናል።

ሰዓቱ ላይ ጥንቃቄ ያስፈልጋል። አዲስ አበባ ከባሕር ጠለል በላይ 2,300 ሜትርን ያልፋል፣ ሱሉልታና እንጦጦ ጥግ ደግሞ ከዚያም ይበልጣል። በዚህ ከፍታ ውሃ የሚፈላው በ92 ዲግሪ አካባቢ ነው እንጂ በ100 አይደለም። የውጭ አገር አሠራር «5 ደቂቃ ቀቅል» ካለ እዚህ 8 እስከ 10 ደቂቃ ይፈጃል፤ ጊዜው የሚቆጠረውም ውሃው መፍላት ከጀመረ በኋላ ነው። እሳት ማብዛት አያፋጥነውም፤ ውሃው ቢንተከተክም ሙቀቱ ያው ስለሆነ ድንቹን መሰባበር ብቻ ነው ትርፉ። ቢላዋ ሳይታገል ሲገባ፣ ቁራጩ ግን በሹካ ሲነሣ ሳይቆረስ ሲቀር አውጡት።

ወንፊት ላይ አጥልሉና ንጹሕ ፎጣ ላይ ሳይደራረብ ዘርጉት። አምስት ደቂቃ ያህል እንፋሎቱ ይውጣለት። የቁራጩ ፊት ከሚያብረቀርቅ እርጥበት ወደ ደብዛዛ ነጭ ሲለወጥ ደርቋል ማለት ነው። ይህችን አምስት ደቂቃ የሚዘልላት ብዙ ሰው ነው፤ ትሪው ሥር የሚጠራቀመው ውሃ ግን ግማሹ ከዚህ የመጣ ነው። ድንቹ ከመጠን በላይ ቢበስልባችሁ አትጣሉት። የፈረሰውን ከትንሽ ወተትና ቅቤ ጋር ፈጭታችሁ የመጨረሻው ዙር ላይ ቀቡት።

ድንቹን ጥሬውን ነጥፎ ኦቨን ውስጥ ይበስላል ማለትም አያዋጣም። የቲማቲም ኮምጣጣነት የድንቹን ሥጋ ያጠነክረዋል፤ አንድ ሰዓት ቢቆይ እንኳ ሲታኘክ ቀጭ ቀጭ ይላል።

ሥጋው

ተፈጭቶ የተቀመጠ አትግዙ፤ ቁራጩን አይታችሁ ፊታችሁ አስፈጩ። ዳቢት ወይም ወርች ይሆናል፣ ከፍሪምባ ጥቂት ቢቀላቀልበት ጥሩ ነው። ሽንጥና ጭቅና ለጥብስና ለክትፎ ይሁኑ፤ ስብ ስለሌላቸው ኦቨን ውስጥ ይደርቃሉ። ከአምስት እጅ አንዱ ስብ ቢሆን ይበቃል። ቤት እንደገባችሁ ፍሪጅ አስገቡትና በዚያው ቀን ሥሩት። ሥጋ ሲፈጭ ላዩ ላይ የነበረው ተህዋስ መሃሉ ድረስ ይገባል፤ ስለዚህ ቀይነቱ ፈጽሞ እስኪጠፋ መብሰል አለበት።

ሰፊ መጥበሻ ያለ ዘይት በደንብ አግሉ። ሥጋውን ለሁለት ከፍላችሁ አንዱን እጅ ዘርጉበት፤ ሁለት ደቂቃ ሳትነኩ ተዉትና ከዚያ አገላብጡ። አንድ ላይ ከተከመረ መጥበሻው ይቀዘቅዛል፣ ሥጋውም በራሱ ውሃ ይቀቀላል። ግራጫ ሆኖ ይቀራል፣ ጣዕሙም ይጠፋል። ቡናማ ሲሆን አውጡና ሁለተኛውን እጅ ጨምሩ። ከሦስት ማንኪያ በላይ ስብ ከወጣው ትርፉን ቅዱት።

በዚያው መጥበሻ ሽንኩርቱን በስሱ ከትፋችሁ ያለ ዘይት አቁላሉ፤ ሥሩ ላይ የተያዘውን የሥጋ ቡናማ ሽንኩርቱ ራሱ ያላቅቀዋል። ወርቃማ ሲል ዘይቱን፣ የተፈቀፈቀውን ካሮትና ነጭ ሽንኩርቱን ጨምሩ። ቀጥሎ በርበሬውን ከሁለት ማንኪያ ውሃ ጋር ጨምሩና ሦስት ደቂቃ አብስሉት፤ ውሃው የሚጨመረው በርበሬው እንዳያርና እንዳይመር ነው። ትንንሽ ልጆች ካሉ በርበሬውን ወደ አንድ የሻይ ማንኪያ ቀንሱት፤ የሚፈልግ ሰው ሚጥሚጣ ከጎኑ ያገኛል። ሳልሳውን ለአንድ ደቂቃ ጠበስ አድርጉት፣ ቲማቲሙን ልጣጩን አንሥታችሁ ከትፋችሁ ጨምሩ፣ ሥጋውን መልሱ፣ አንድ የሻይ ማንኪያ ጨውና የጥብስ ቅጠሉን አክሉ። ክዳኑን ሳትከድኑ ለስለስ ባለ እሳት 20 ደቂቃ ያህል ይብሰል።

መድረሱን ለማወቅ በእንጨት ማንኪያ የመጥበሻውን ሥር ከዳር እስከ ዳር ጥረጉት። የተጠረገው መንገድ ክፍት ሆኖ ከቆየ ደርሷል። ከሁለት ወገን ቀይ ውሃ ፈስሶ ከሞላው ገና ነው። ኮረሪማውንና ቁንዶ በርበሬውን ከእሳት ሲወጣ ነስንሱ፣ የጥብስ ቅጠሉንም እንጨት አውጡ።

ነጩ ሶስ

ቅቤውን በትንሽ እሳት አቅልጡ፣ ዱቄቱን ጨምሩና ሁለት ደቂቃ አማስሉት፤ ጥሬ ሽታው ይጥፋ እንጂ አይቅላ። ለብ ያለውን ወተት በሦስት ጊዜ ጨምሩ፤ የመጀመሪያው ፈጽሞ ሳይዋሃድ ሁለተኛው አይግባ። የሚጓጉለው ወተቱ በአንድ ጊዜ ሲፈስ ነው፤ የዱቄቱ ውጪ ቶሎ ያብጥና ውስጡን ደረቅ አድርጎ ይዘጋዋል። ከጓጎለ በወንፊት አሳልፉት፣ ይድናል። አምስት ደቂቃ ቀስ ብሎ ሲፈላ ማንኪያውን ይለብሳል፤ በጣት ማንኪያው ላይ ሲሰመር መስመሩ መቆየት አለበት። ግማሽ የሻይ ማንኪያ ጨው ይበቃዋል፣ ቺዙ ራሱ ጨው አለው።

ለቺዝ ፈንታ አይብ የሚያስቡ አሉ። አይብ የሚረጋው በራሱ ኮምጣጣነትና በሙቀት ስለሆነ እሳት ሲያገኘው አይቀልጥም፤ ይደርቃል፣ ይፈረፈራል። ላዩ ላይ አታድርጉት። ሲቀርብ ቀዝቃዛውን አይብ ከጎኑ ማድረግ ግን ከበርበሬው ጋር እጅግ ይስማማል።

መደራረብ

ትሪውን ዘይት ቀቡና ሁለት ማንኪያ ነጭ ሶስ ሥሩ ላይ በስሱ አዳርሱ። ድንቹን ልክ እንደ ጣሪያ ቆርቆሮ ጫፍ ለጫፍ እየደረባችሁ ንጠፉ፤ ክፍተት ካለ ሥጋው ይወርዳል። ግማሹን ሥጋ አልብሱ፣ በማንኪያ ጀርባ ጠቅጠቅ አድርጉ፣ ጥቂት ነጭ ሶስ ጣል ጣል አድርጉበት። እንደገና ድንች፣ ቀሪው ሥጋ፣ የመጨረሻው ድንች። ቀሪውን ሶስ በሙሉ ላዩን አልብሱ። ከትሪው አፍ አንድ ሳንቲ ሜትር ተኩል ባዶ ይቅር፤ አለዚያ ይገነፍልና ኦቨኑን ያጨሰዋል።

በ180 ዲግሪ ቀድሞ በጋለ ኦቨን፣ ፎይል ተሸፍኖ 20 ደቂቃ። ከዚያ ፎይሉን አንሡ፣ ቺዙን በትኑ፣ ሌላ 15 እስከ 20 ደቂቃ። ቺዙ ከመጀመሪያው ከተጨመረ ዘይቱን ይተፋና እንደ ቆዳ ይጠነክራል። ዳር ዳሩ ሲንተከተክና ላዩ ሲቀላ አውጡት።

አሁን ራብ ቢጸናም 20 ደቂቃ አትንኩት። ትኩሱን ከተቆረጠ ሶሱ ገና ፈሳሽ ስለሆነ ሁሉም ይፈርሳል፤ ትንሽ ሲበርድ የድንቹና የዱቄቱ ስታርች ይይዘዋል። ለማታ 1 ሰዓት ማቅረብ የፈለገ ሰው 10 ሰዓት ተኩል ላይ ድንቹን መላጥ ቢጀምር አይቸኩልም። ከመሃል ከተማ የታክሲ ሰልፍ ጠብቀው የሚገቡ ከሆነ ደግሞ ነጭ ሶሱ ድረስ ያለውን ከዋዜማው መጨረስ ይቻላል፦ ሁሉም ሲበርድ ደርድሩት፣ ከድናችሁ ፍሪጅ አሳድሩት፣ ሲጋገር 15 ደቂቃ ጨምሩለት። ፓይሬክስ ከሆነ ከፍሪጅ አውጥታችሁ ወዲያው የጋለ ኦቨን ውስጥ አትክተቱ፤ ይሰነጠቃል።

መብራት ሲጠፋ፣ ኦቨንም ከሌለ

እየተጋገረ መብራት ቢጠፋ በሩን አትክፈቱ። ውስጡ ያለው ሁሉ የበሰለ ስለሆነ የታፈነው ሙቀት ብዙውን ይጨርሰዋል፤ የሚቀረው የላዩ መቅላት ብቻ ነው። ከሁለት ሰዓት በላይ ለብ ብሎ ግን አይቆይ።

ኦቨን የሌለው ቤት ድፎ ዳቦ እንደሚጋገረው ይሥራው፤ በሰበታም በለገጣፎም ግቢ ላለው ሰው ይህ ከኦቨን አያንስም። ወፍራም ብረት ድስት ሥር በእሳት የተለበለበ የኮባ ቅጠል ድርብ አድርጋችሁ አንጥፉ፤ እንዳያርና እንዳይያዝ ያደርገዋል። ንብርብሩን ከላይ እንደተባለው ሥሩና በብረት ክዳን ክደኑ። ፍሙ ከታች ጥቂት፣ ከላይ ብዙ ይሁን፤ ብዙ ሰው ይህን ይገለብጠውና ሥሩ አሮ ላዩ ነጭ ይቀርበታል። 30 ደቂቃ ላይ አመዱ ውስጥ እንዳይገባ ክዳኑን በጥንቃቄ አንሥታችሁ ቺዙን በትኑና መልሱት፣ 10 ደቂቃ ይበቃል። ከሰሉ ውጪ ወይም ነፋስ በሚገባበት በረንዳ ይሁን። ብርድ ነው ተብሎ በተዘጋ ቤት የሚነድ ከሰል ሽታ በሌለው ጋዙ ሰው ይገድላል፤ ፍም ብቻ ስለቀረ አይጎዳም ማለትም ስሕተት ነው።

ለጾም ሲሆን በሥጋው ቦታ ተቀቅሎ ውሃው የተጠነፈፈ 400 ግራም ድፍን ምስር ይገባል፤ ሶሱ በቅቤና በወተት ፈንታ በዘይትና በአትክልት መረቅ ይሠራል፣ ቺዙ ይቀራል። ምስሩ ከሥጋ የበለጠ ውሃ ይዞ ይመጣል፤ በማንኪያ የመጥረጉን ፈተና ሳያልፍ አትደርድሩት።

የተረፈው ፍሪጅ ውስጥ ሦስት ቀን ይቆያል። ቁራጩን መጥበሻ ላይ ክዳን አድርጋችሁ በትንሽ እሳት አሙቁት፣ መሃሉ እስኪፋጅ ድረስ። ፍሪዘር ውስጥ አታስገቡት፤ ድንቹ ሲቀልጥ ውሃ ይለቅና ይፈረካከሳል።