በወሎ የቀድሞ የመሬት ሰነዶች የዘር ሐረግን መቁጠር

ወሎ ውስጥ የዘር ሐረጉን ለማወቅ የሚሻ ሰው ፍለጋውን ከርስት ቢጀምር ይበጀዋል። ርስት ከአቅኚው አባት፣ ማለትም መሬቱን መጀመሪያ ካቀናው ሰው፣ በትውልድ ተቆጥሮ የሚገኝ መብት ስለ ነበር፣ የ1967 ዓ.ም. የገጠር መሬት አዋጅ እስኪያስቀረው ድረስ ድርሻዬን ባይ ሁሉ ትውልዱን ቆጥሮ ማስረዳት ነበረበት። ርስት በአባትም በእናትም በኩል ይወረስ ስለ ነበር ደግሞ ሌላ ጽሑፍ የዘለላቸው ሴት አያቶችና ቅድመ አያቶች በርስት ወረቀት ላይ ስማቸው ተጽፎ ይገኛል።

በቅድሚያ በዕድሜ የገፉ ዘመዶችዎን የማሳውን መጠሪያ፣ አጥቢያውንና የአቅኚውን ስም ጠይቀው ይመዝግቡ። የዛሬው ዞንና ወረዳ ከቀድሞው አስተዳደር ጋር ስለማይገጥም፣ የድሮ ሰነድ የሚፈለገው እንደ አምባሰል፣ ቦረና፣ የጁ፣ ላስታ፣ ዋድላ ደላንታ ወይም ቃሉ ባሉት የአውራጃ ስሞች ነው።

በየቤቱ ሣጥን የሚገኘው የግብር ደረሰኝ ጥሩ መነሻ ነው፤ ሆኖም የጋራ ርስት ግብር በአንድ ሰው ስም ሊከፈል ይችል ስለ ነበር ደረሰኙ ላይ ያለውን ስም ብቻውን የባለ ርስት ማስረጃ አድርገው አይውሰዱት።

ከሁሉም የሚበልጠው የርስት ክርክር መዝገብ ነው። ከሳሹ ከአቅኚው እስከ ራሱ ያለውን ትውልድ ይቆጥራል፤ ተከሳሹ ይቃወማል፤ ምስክሮች ደግሞ የሰሙትን ይናገራሉ። የፍርዱን ግልባጭ ብዙ ጊዜ የረታው ወገን ልጆች ስለሚያስቀምጡት ከእነርሱ ጠይቁ። ሁለቱም ለመርታት ስለሚቆጥሩ፣ እኔ የማምነው ባላጋራዎቹ ሳይካካዱ የተቀበሉትን ትውልድ ነው። ወሰኑን በተለይ ቀስ ብለው ያንብቡ። ለምሳሌ ሰነዱ «በምሥራቅ የእኅቴ የወለተ ማርያም ልጆች፣ በሰሜን የአጎቴ የይመር ድርሻ፣ በምዕራብ ወንዙ ያዋስነዋል» ቢል፣ በአንድ ዓረፍተ ነገር የእኅትና የአጎት ስም ተገኘ፤ ያ ማሳ ከአንድ አባት እየተከፈለ የመጣ ስለ መሆኑም ጠንካራ ፍንጭ ነው። ስለዚህ የአዋሳኞቹን ስም ሁሉ ለብቻ ገልብጠው ከሌሎች ሰነዶች ጋር ያስተያዩ።

አንድ ሰው በሁለት ስም ሊጻፍ እንደሚችል አይዘንጉ። የክርስትና ስምና የዓለም ስም ይለያያሉ፤ የወሎ እስላሞች ክርስትናን እንዲቀበሉ ከታዘዘበት ከ1870 ዓ.ም. የቦሩ ሜዳ ጉባኤ ወዲህ ደግሞ መሐመድ ዓሊ ራስ ሚካኤል እንደ ተባሉት ሃይማኖት ሲለወጥ ስምም ይለወጥ ስለ ነበር፣ በዚያ ዘመን የተቋረጠ የሚመስል ሐረግ በሌላ ስም ቀጥሎ ሊሆን ይችላል። ለእስላም ቤተ ሰቦች የቃዲ ፍርድ ቤት የውርስ መዝገብ ወራሾችን በስም ስለሚዘረዝር ከርስት ወረቀት ጎን ለጎን መታየት ይገባዋል።

የአብያተ ክርስቲያናት ወንጌሎች ባዶ ገጾችና ኅዳጎች የጉልት (ከመሬት ግብር የመቀበል መብት) እና የስጦታ ጽሑፍ ይዘው ይገኛሉ። ከተራው ገበሬ ይልቅ የሚጠቅሱት ሰጪውንና ሹማምንቱን በመሆኑ፣ ቅድመ አያትዎ አለቃ ወይም ጭቃ ሹም (የመንደር ሹም) ካልነበሩ ብዙ አይጠብቁ። ለማየትም ለማንሣትም አስቀድመው ከደብሩ አለቃ ወይም ከገበዙ ፈቃድ ይጠይቁ።

ከ1967 ዓ.ም. ወዲህ መሬቱ ስለ ተሸነሸነ ዛሬ በይዞታ ማረጋገጫ ደብተር ላይ ያለው ስም የማሳውን የአሁን ባለ ይዞታ እንጂ የአቅኚውን ወራሽ አያሳይም፤ የሚጠቅመው የድሮው ማሳ የት እንደ ሆነ በቀበሌው ሲጠይቁ ነው።